ለብቻዋ የተቀመጠች ኩባያ

ውድ እህቶቼ፣ ይህችን ጽሑፍ እሁድ ከቤተ ክርስቲያን ደጃፍ ወስዳችሁ የምታነቡትም፣ መውጣት ሳይፈቀድላችሁ ቀርቶ ጓደኛ በዘንቢል ይዛ ያደረሰችላችሁም፣ ሰላምታዬ እኩል ይድረሳችሁ።

ዛሬ ላጫውታችሁ የፈለግሁት ስለ ቤት ዕቃ ነው። ስለ ሰሃን፣ ስለ ሲኒ፣ ስለ ፍሪጅ፣ ስለ መሳቢያ። «ሳምንቱን ሙሉ ያጠብነውና የወለወልነው አልበቃ ብሎ፣ በእረፍታችን ቀን ደግሞ የዕቃ ወሬ?» የምትል እህት እንደማትጠፋ አውቃለሁ። እባክሽ ትንሽ ታገሺኝ። የማወራው ስለ አጠባው አይደለም፤ ዕቃው ስላየው ነገር ነው።

ዕቃ አፍ የለውም፣ ግን ምስክር ነው

እንግዳ ወደ አንድ ቤት ሲመጣ የሚያየው ሳሎኑን ነው። የተነጠፈውን ምንጣፍ፣ ግድግዳ ላይ የተሰቀለውን የሠርግ ፎቶ፣ በትሪ የቀረበለትን ቡና አይቶ «እንዴት ያለ የተባረከ ቤተሰብ ነው» ብሎ ይሄዳል። እኛ ግን እንግዳው ከሄደ በኋላ ትሪውን እናነሣለን፤ አልጋውንም የምናነጥፈው፣ ቆሻሻውንም የምናወጣው እኛ ነን። ስለዚህ የቤቱን ኑሮ ማንም ሳይነግረን ከዕቃው እንሰማዋለን።

ጠዋት ሶፋው ላይ ትራስና ብርድ ልብስ ካገኘን ሌሊቱ በሰላም እንዳላለፈ እናውቃለን። በየቀኑ ሁለት ሲኒ የምናጥብበት ቤት አንድ ቀን አንድ ሲኒ ብቻ ስናገኝ ልባችን ድንግጥ ይላል። ልጃቸው ውጭ አገር ከሄደ ዓመታት ያለፉበት ቤት፣ ማንም ያልተኛበትን አልጋ አንሶላ በየሳምንቱ ቀይሪ እንባላለን። አንሶላው ንጹሕ ነው፤ እኛ ግን ለምን እንደምናጥበው ይገባናል፤ የምናጥበው የእናቲቱን ናፍቆት ነው።

እዚህ ሊባኖስ ያላችሁ እህቶች እ.ኤ.አ. ከ2019 መጨረሻ በኋላ የሆነውን ታስታውሳላችሁ። የአገሩ ገንዘብ ሲወድቅ፣ ባንክ የሰውን ተቀማጭ ይዞ አልሰጥም ሲል፣ ለእኛ ግን መጀመሪያ የነገረን ቴሌቪዥኑ ሳይሆን ፍሪጁ ነበር። ሥጋው ቀነሰ፤ አይቡ ቀነሰ። ቀጥሎ መብራቱ ራሱ ጠፋና ፍሪጁ የውኃ ጠርሙስ ማስቀመጫ ቁም ሳጥን ሆነ። የመኝታ ቤቱን ጠረጴዛ ስንወለውል የወርቁ ሳጥን ቀለል እንዳለ ተሰማን። ማንም «ተቸግረናል» ብሎ አልነገረንም። ዕቃው ግን ነገረን። ደመወዛችን ለምን እንደዘገየም አብረን ገባን።

ይህን የምለው የሰው ገመና ለማውጣት አይደለም። ገመና መሸፈን እናቶቻችን ያስተማሩን ጨዋነት ነው፤ በሥራችንም ላይ ትልቅ አደራ ነው። የፈለግሁት አንድ ነገር ለማለት ነው። የአንድ ቤተሰብ እውነተኛ ጠባይ ከሚናገረው ቃል ይልቅ በዕቃው አቀማመጥ ይታወቃል። ማን እንደሚከበር፣ ማን እንደሚናፈቅ፣ ማን እንደ ሰው እንደማይቆጠር ዕቃው ይመሰክራል። እኔ ይህን የተማርኩት ከአንዲት አረንጓዴ የፕላስቲክ ኩባያ ነው።

አረንጓዴዋ ኩባያ

ቤይሩት ስገባ ሃያ ሁለት ዓመቴ ነበር። አረብኛ አንድ ቃል አላውቅም። በመጀመሪያው ቀን መዳም ኩሽናውን እያዞረች አሳየችኝ። ከላይ ያለውን መደርደሪያ ከፈተች፤ ብርጭቆው፣ ሲኒው፣ ሰሃኑ ተደርድሯል። ዘጋችው። ከዚያ ጎንበስ ብላ በላቫንዲኖው ሥር ያለውን ከፈተች። በረኪናው፣ የዕቃ ሳሙናው፣ የወለል መወልወያው ያለበት ነው። ከዚያ ውስጥ አንዲት አረንጓዴ የፕላስቲክ ኩባያ፣ አንድ ሰሃንና አንድ ማንኪያ አወጣችና በጣቷ ወደ እኔ እያመለከተች «ኢንቲ» አለችኝ። «አንቺ» ማለቷ ነው። ከአረብኛ መጀመሪያ የተማርኩት ቃል እሱ ነው።

በዚያ ቤት ሃምሳ አራት ብርጭቆ ነበር። በየሳምንቱ አውርጄ ስለማጥባቸው ቁጥራቸውን አልረሳሁትም። ከሃምሳ አራቱ አንዱ ለእኔ ከንፈር አልተፈቀደም። ምክንያቱ ምን እንደሆነ ስጠይቅ፣ ቋንቋውን ከለመድኩ በኋላ፣ «ለንጽሕና ነው» ተባልኩ። እኔም ማታ ማታ በጠባቧ ክፍሌ ተኝቼ ነገሩን አሰላስል ነበር። የሚበሉትን ኪቤ በእጄ የማሸው እኔ ነኝ። ለታቡሌው ፐርስሜሎውን ቅጠል በቅጠል የምለቅመው እኔ ነኝ። የሕፃኑን ወተት በጡጦ አድርጌ፣ ትኩስ እንዳይሆን እጄ ላይ ጠብ አድርጌ የምሞክረው እኔ ነኝ። ታዲያ እጄ ንጹሕ ሆኖ አፌ እንዴት ርኩስ ሊሆን ቻለ? ነገሩ የንጽሕና ቢሆን ኖሮ መጀመሪያ የሚከለከለው እጄ ነበር።

አንድ ቀን አምስት ዓመት የሆነው ትልቁ ልጅ ከውጭ ሮጦ ገባና ውኃ ጠማኝ አለ። አጠገቡ ያገኘው የእኔን ኩባያ ነበር፤ አንሥቶ ጠጣ። እናቱ አይታ ከእጁ ነጠቀችው። አፉን አስታጠበችው። ልጁ ደንግጦ «ለምን?» አላት። «የእሷ ስለሆነ» አለችው። ከዚያ ቀን በኋላ ያ ልጅ ኩባያዬን አልነካም። እኔንም ሲያይ ትንሽ ራቅ ይል ጀመር። ብዙ መከራ ያዩ እህቶች ስላሉ ይህን እንደ ትልቅ መከራ አልቆጥረውም፤ ደመወዜን ይከፍሉኝ ነበር፣ አልተመታሁም። ነገር ግን ከዚያ ቤት በልቤ የቀረው ያ ቀን ነው። አንዲት የፕላስቲክ ኩባያ አንድን ሕፃን በአንድ ቀን ሰውን ከሰው መለየት አስተማረችው።

ኩባያው አንድ ሆኖ መሳቢያው ሲቆለፍ

ከዚያ ወጥቼ የገባሁት አንዲት አሮጊት ዘንድ ነው። ልጆቻቸው ተበትነዋል፤ አንዱ ብቻ ቅርብ ነበር። እኔም እንደ ልጅ ልጆቻቸው «ተይታ» እላቸው ነበር። በመጀመሪያው ጠዋት ቡናውን በረክዌ አፍልቼ ሳቀርብ «ሁለተኛው ሲኒ የት አለ?» አሉኝ። እንግዳ ያለ መስሎኝ ዞር ዞር ብዬ አየሁ። «ለአንቺ ነው፤ ቡና ብቻውን ይጠጣል እንዴ?» አሉኝ። እውነቱን ልንገራችሁ፣ ኩሽና ገብቼ አልቅሻለሁ። የእናቴ አነጋገር ነው የመሰለኝ። በአገራችንም ቡና ብቻውን አይጠጣም።

ሆኖም እዚህ ላይ ሐቁን ማስቀረት አልፈልግም። በዚያው ቤት ኮሪደሩ ላይ አንድ የሚቆለፍ መሳቢያ ነበር። በየቀኑ ከላይ አቧራውን እጠርጋለሁ፤ ፓስፖርቴ ውስጡ ነው። ቁልፉ ልጃቸው ዘንድ ነበር። አንድ ቀን ደፍሬ ፓስፖርቴን ስጠይቀው ፈገግ ብሎ «አንቺ እኮ ቤተሰባችን ነሽ፤ ፓስፖርት ምን ያደርግልሻል?» አለኝ። እኔም ዝም አልኩ። ግን በልቤ «የእርስዎ ፓስፖርት እርስዎ ኪስ ውስጥ ነው፤ የእናትዎ በእናትዎ ቦርሳ ውስጥ ነው። ታዲያ ከቤተሰቡ ውስጥ የእኔ ብቻ ለምን ተቆለፈበት?» እያልኩ ነበር።

ስለዚህ እህቶቼ፣ «እንደ ቤተሰባችን ናት» የሚለውን ቃል ስንሰማ ደስ ከማለታችን በፊት ዕቃውን እንጠይቅ። ኩባያው የት ነው? መሳቢያው ክፍት ነው ወይስ ዝግ? የምንተኛበት ክፍል በውስጥ በኩል መቀርቀሪያ አለው ወይ? እ.ኤ.አ. በሰኔ 2020 ቤይሩት በሚገኘው የኢትዮጵያ ቆንስላ ደጃፍ የሆነውን ሁላችንም አይተናል። አሠሪዎች ሠራተኞቻቸውን በመኪና እያመጡ፣ ደመወዛቸውን እንኳ ሳይከፍሉ፣ ከነሻንጣቸው አስፋልት ዳር ጥለዋቸው ሄዱ። ከእነዚያ እህቶች መካከል ከአንድ ቀን በፊት «እንደ ልጃችን ናት» ስትባል የነበረች አትጠፋም። በችግር ቀን ልጁን ከነሻንጣው መንገድ ላይ የሚጥል ወላጅ ግን የለም።

እኔ የማንም ልጅ መባል አልፈልግም፤ እናት አለችኝ። ሠራተኛ ነኝ። የምፈልገው ደመወዜን በጊዜው፣ ፓስፖርቴን በእጄ፣ በሳምንት አንድ ቀን እረፍቴን፣ ውኃ ሲጠማኝም እንደ ሰው በብርጭቆ መጠጣትን ነው።

የእኛስ ቤት?

እስካሁን የተናገርኩት ስለ እነሱ ነው። ይህን ያህል ብቻ ብናገርና ብጨርስ ሁላችሁም «እውነት ነው» ብላችሁ ታጨበጭቡልኝ ነበር። ነገር ግን «የራሷ አሮባት የሰው ታማስላለች» የሚባለው ተረት የደረሰው በእኔው ላይ ነው።

ስድስት ዓመት ሠርቼ ለእረፍት አገሬ ገባሁ። ወሎ ውስጥ ያለችው ቤታችን አላስታወሰችኝም፤ እኔም አላወቅኋትም። በላክሁት ገንዘብ ቆርቆሮው ተቀይሯል፣ ወለሉ ሲሚንቶ ሆኗል፣ ፍሪጅ ገብቷል፣ ከግድግዳው ጋር ባለመስተዋት ትልቅ ቡፌ ቆሟል። ቡፌው ውስጥ ብርጭቆ ሞልቷል፤ መልካም ሲኒዎች ከነማስቀመጫቸው። እናቴ አንድ በአንድ እያሳየች «ይሄ በትንሣኤ የላክሽው ነው፣ ይሄ በመስቀል የላክሽው ነው» ትለኛለች። ለካ ስድስት ዓመቴ ተቆጥሮ በመስተዋት ውስጥ ተቀምጧል!

ጎረቤት ሁሉ ሊጠይቀኝ መጣ። ቡና ተፈላ። ቡናውን የምትቆላው፣ የምትወቅጠው፣ የምትቀዳው አንዲት ቀጭን ልጅ ናት፤ አሥራ ስድስት ዓመት ቢሆናት ነው። በስልክ እናቴ «ልጅቷ» ስትላት እሰማ ነበር። «ልጅቷ ትጋግራለች፣ ልጅቷ ውኃ ቀድታለች።» ደመወዟ ከምልከው ገንዘብ ላይ ይከፈላል። ስሟን ጠይቄ አላውቅም።

ልጅቷ አቦሉን ለሁሉም አደረሰች፤ ከዚያ ወደ ኩሽና ሄደች። ቶናውንም እንዲሁ። እኔ ደግሞ ልማድ ሆኖብኝ መቀመጥ አቃተኝና ሲኒ ልቀበላት ተከትያት ገባሁ። ከበሩ ጀርባ፣ ከበረኪናው ጠርሙስ አጠገብ፣ አንዲት እጀታዋ የተሰበረ ብርቱካናማ የፕላስቲክ ኩባያ ለብቻዋ ተቀምጣለች።

«ይቺ የማን ናት?» አልኳት።

«የእኔ ናት፣ እትዬ» አለችኝ።

እህቶቼ፣ «እትዬ» ስትለኝ መዳምን ስጠራት የራሴን ድምፅ የሰማሁ መሰለኝ። ቀለሟ ነው እንጂ የተለየው ኩባያዋ ያችው ኩባያ ናት። ደግሞም ወደኋላ ሳስብ፣ ልጅ ሆኜ ቤታችን ሠራተኛ በነበረችበት ጊዜም ጣሳዋ ለብቻ ነበር። እኔም ያን ጊዜ በሷ ጣሳ ልጠጣ ስል «ተይ፣ የሷ ነው» ተብያለሁ። ያንን የቤይሩቱን ሕፃን «ምን አስተማሩት» ብዬ ስፈርድበት፣ እኔም ከርሱ በፊት ያንኑ ትምህርት ተምሬው ነበር።

ማታ ሰው ሁሉ ከሄደ በኋላ እናቴን ጠየቅኋት። «እማዬ፣ ልጅቷ ለምንድን ነው ኩባያዋ ለብቻ የሆነው?»

«ምን አደረግናት? የምንበላውን ትበላለች፣ የምንጠጣውን ትጠጣለች። እንደ ልጄ ነው የማያት» አለችኝ። የአሮጊቷ ልጅ የተናገረውን ቃል ነው የደገመችው። ከዚያ ቀጥላ፣ ክፋት ሳታስብ፣ «ለመሆኑ አንቺስ እዚያ በምን ነው የምትጠጪው?» አለችኝ።

ስድስት ዓመት ሙሉ በስልክ «ሁሉ ሰላም ነው፣ አንድ ማዕድ ነው የምንበላው» ብያታለሁ። እንዳትጨነቅ ብዬ ነበር። እናንተም ይህን ውሸት ታውቁታላችሁ፤ ሁላችንም ዋሽተነዋል። ያን ማታ ግን እውነቱን ነገርኳት። የላቫንዲኖውን ሥር፣ አረንጓዴዋን ኩባያ፣ አፉን የታጠበውን ሕፃን ሁሉንም ነገርኳት። እናቴ ለረጅም ጊዜ ዝም አለች። ከዚያ «ለምን አልነገርሽኝም?» አለች። ሌላ ነገር አልተናገረችም።

በማግስቱ ቡና ሲፈላ ረከቦቱ ላይ የተደረደረውን ሲኒ በዓይኗ ቆጠረችና «አንድ ይጎድላል፣ አምጪ» አለቻት። ልጅቷ እንግዳ የሚመጣ መስሏት ሲኒውን አመጣች። «ለአንቺ ነው፣ ተቀመጪ» ስትባል ግን አልተቀመጠችም። ቆማ ነው የጠጣችው። እስክትቀመጥ ድረስ ሦስት ቀን ፈጀባት።

በዚህ ሁሉ ነገር ተፈጸመ አልላችሁም። ሲኒው ከተስተካከለ በኋላ ሌላው ጥያቄ መጣ። ደመወዟን የሚቀበላት ማን ነው? አክስቷ ነበረች፤ አሁን በእጇ እንዲሰጣት ተደረገ። ትምህርቷስ? አምስተኛ ክፍል ላይ አቋርጣለች። የማታ ትምህርት ትግባ ስል «እንጀራውን ማን ይጋግራል?» የሚል ክርክር ተነሣ፤ በኋላ ግን በመስከረም ተመዘገበች። የእረፍት ቀኗ ጉዳይ ገና አላለቀም፤ ከእናቴ ጋር እስከ ዛሬ በስልክ እንከራከርበታለን። «ለእኔ እሁድ እረፍት ይገባኛል ብዬ እዚህ የማለቅስ ሰው፣ ለእሷ እሁድን እንዴት ልከልክላት?» እላታለሁ።

ሕጉም ኩባያ ለይቷል

ይህ የእናቴና የመዳም ጠባይ ብቻ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1946 የወጣው የሊባኖስ የሥራ ሕግ በሰባተኛው አንቀጽ የቤት ሠራተኛን ከሕጉ ውጪ አድርጓታል። «አረቦች ናቸውና» እንዳንል፣ በአገራችን በ2011 ዓ.ም. የወጣው የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011ም በግለሰብ ቤት የሚሰጠውን የግል አገልግሎት ሥራ ለብቻው ለሌላ ደንብ ትቶ ከአዋጁ አስወጥቶታል። የፋብሪካው ሠራተኛ፣ የሆቴሉ አስተናጋጅ በመደርደሪያው ላይ አለ። የቤት ሠራተኛ ግን በላቫንዲኖው ሥር ናት።

ዓለም አቀፉ የሥራ ድርጅት እ.ኤ.አ. በሰኔ 2011 ስለ ቤት ሠራተኞች ስምምነት ቁጥር 189ን ሲያጸድቅ የተነሡት ነገሮች እኛ ከዕቃው የተማርናቸው ናቸው። በአሠሪዋ ቤት የምትኖር ሠራተኛ ለሰው የሚገባ መኖሪያና የግል ገመናዋ የሚጠበቅበት ሁኔታ እንዲኖራት፣ ፓስፖርቷና መታወቂያዋ በራሷ እጅ እንዲሆን፣ በሳምንት ቢያንስ 24 ተከታታይ ሰዓት እረፍት እንዲኖራት ይላል። ስምምነቱ የሚያስገድደው ያጸደቀውን አገር ብቻ ነው። ይሁን እንጂ ቤታችን ውስጥ ትክክል የሆነውን ለማድረግ መንግሥት እስኪፈርም መጠበቅ አያስፈልገንም።

«እኔ የራሴን ኩባያ እመርጣለሁ»

ይህን ሐሳብ ከዚህ በፊት ቡና ላይ ሳነሣው አንዲት እህት ተቃወመችኝ። «እኔ በፈቃዴ ነው የለየሁት። በጾም ጊዜ ሥጋና ቅቤ የነካ ድስትና ሰሃን አልፈልግም። ደግሞም ከእነሱ ጋር ገበታ መቅረብ ለእኔ እረፍት አይደለም፤ ኩሽና ውስጥ ብቻዬን ብበላ ይሻለኛል» አለች። ልክ ናት። ዕቃ መለየት ሁሉ ንቀት አይደለም። እሷ ድስቷን የለየችው ራሷ ፈልጋ ነው፤ ሲያሻት ደግሞ ትመልሰዋለች። የእኔን ኩባያ ግን የመረጠልኝ ሌላ ሰው ነው፤ ቦታውንም ከበረኪናው አጠገብ ያደረገው ሌላ ሰው ነው። ልዩነቱ እዚህ ላይ ነው። የተለየ ዕቃ ባየን ቁጥር «ማን ለየው?» ብለን እንጠይቅ።

ሌላዋ ደግሞ «በዚህ ዘመን ሰው እየተደበደበ፣ ደመወዙ እየተበላ፣ አንቺ ስለ ኩባያ ታወሪያለሽ» አለችኝ። እሷም እውነት አላት። የተደበደበችና ደመወዟ የተበላ እህት መጀመሪያ ሐኪምና ጠበቃ ያስፈልጋታል። ነገር ግን እኔ እንደማስበው በትሩ በድንገት አይመጣም። አንድ ሰው ሌላውን መምታት ከመጀመሩ በፊት «ይህች እንደ እኔ አይደለችም» ብሎ ማመን አለበት። ያ እምነት በየቀኑ የሚጠናው በኩባያው ነው።

ታዲያ ምን እናድርግ?

በመጀመሪያ፣ አገር ቤት ስትደውሉ፣ ቤታችሁ ሠራተኛ ካለች ስሟን ጠይቁ። ስልኩ ይሰጣትና ሰላም በሏት። በምን እንደምትጠጣ፣ የት እንደምትተኛ፣ ደመወዟን ማን እንደሚቀበል፣ ትምህርት እንዳላት ጠይቁ። ያ ደመወዝ ከእናንተ ላብ ነው የሚወጣው፤ አሠሪዋ እናንተ ናችሁ። እኛ እዚህ መዳም እንዲገባት የምንመኘውን ነገር እዚያ መፈጸም በእጃችን ነው።

ሁለተኛ፣ እዚህ እርስ በርሳችን። በጋራ ክፍል ተከራይታችሁ የምትኖሩ እህቶች፣ አዲስ የመጣችውን ወይም ከአሠሪ ቤት ሸሽታ የተጠጋችውን እንዴት ነው የምትቀበሏት? ፍራሿ በር ሥር፣ ዕቃ አጠባው ሁልጊዜ የሷ ከሆነ፣ እኛም ትንንሽ መዳሞች ሆነናል ማለት ነው።

ሦስተኛ፣ የምትችሉ ለአሠሪያችሁ በለዘበ ቃል ንገሩ። አንዲት እህት ከደመወዟ ላይ ከቤቱ ብርጭቆዎች ጋር አንድ ዓይነት የሆነ ብርጭቆ ገዝታ አመጣችና አጥባ ከሌሎቹ ጋር ደረደረችው። መዳሟ ቀና ብላ አየቻት፤ ምንም አልተናገረችም። ብርጭቆው እዚያው ቀረ። ሁሉም ቤት እንዲህ ይሆናል አልልም። ሁኔታውን የምታውቁት እናንተ ናችሁ፤ የሚያስመታችሁ ከሆነ ተዉት።

አራተኛው ለእኔ ከሁሉ የከበደኝ ነው። ለቤተሰባችን እውነቱን እንንገር። የላክነውን ፍሪጅና ቡፌ ያዩታል፤ የገዛንበትን ዋጋ ግን አያዩትም። እኔ እውነቱን የነገርኳት ቀን እናቴ አዘነች፤ ነገር ግን አንድ ሲኒ ጨመረች። በውሸቴ ስድስት ዓመት ሙሉ ደስ ብሏት ስትኖር ያቺ ብርቱካናማ ኩባያ ከበሩ ጀርባ ነበረች።

አረንጓዴዋ ኩባያ ዛሬ የት እንዳለች አላውቅም። ከእኔ በኋላ ሌላ ልጅ ወደዚያ ቤት መግባቷን ሰምቻለሁ፤ ምናልባት ኩባያዋ ለእሷ ተላልፋ ይሆናል። ያቺ እህት ይህን የምታነብ ከሆነ ይቺን ቃል ትያዝልኝ። እኔም በዚያች ኩባያ ጠጥቻለሁ። ያሳነሰችን ኩባያዋ እንጂ እኛ ትንሽ ሆነን አይደለም።

እናንተ ደግሞ፣ ዛሬ ቡና ስታፈሉ ረከቦቱ ላይ ያለውን ሲኒ ቁጠሩት። የሚጎድል ካለ ጨምሩ።

ቸር ያገናኘን። ሰላም ሁኑ።